ከጮቄ ራስ እስከ ዓባይ አፋፍ፦ በዲጂታል የከፍታ ካርታ የእግር ጉዞ መስመር የማዘጋጀት ዝርዝር መመሪያ

ጎጃም ውስጥ ከመኪና መንገድ ወጥቶ በእግሩ የሚጓዝ ሰው ሁለት ዓይነት ስሕተት ያሰጋዋል። የመጀመሪያው የጮቄ ስሕተት ነው። ጉም ሲወርድ ጓሳ የለበሰው ሰፊ ተረተር ዙሪያው ሁሉ አንድ ይመስላል፤ ጥቂት መቶ ሜትር ወደ አንድ ወገን ያዘነበለ መንገደኛ ሳያውቀው ከአንዱ ወንዝ ተፋሰስ ወደ ሌላው ይሻገርና፣ ጉሙ ሲገፈፍ ካሰበው መንደር የግማሽ ቀን መንገድ ርቆ ይገኛል። ሁለተኛው የዓባይ አፋፍ ስሕተት ነው። እዚህ አቅጣጫ አይጠፋም፤ ወንዙም ማዶው አገርም ወለል ብሎ ይታያል፤ የሚጠፋው መውረጃው ነው። ዲጂታል የከፍታ ካርታ የመጀመሪያውን ስሕተት በደንብ ይከላከላል፣ ሁለተኛውን ግን ብዙ ጊዜ ይደብቃል። ስለዚህ በዚህ መመሪያ የካርታውን አዘገጃጀት ደረጃ በደረጃ ከማሳየት ጋር፣ ካርታው የት የት ቦታ ላይ ሊታመን እንደማይገባ አብሬ እገልጻለሁ።

ለሥራው የሚያስፈልገው አንድ ላፕቶፕ፣ ኪውጂአይኤስ የተባለው ነጻ የካርታ ፕሮግራም፣ ጂፒኤስ ያለው ስልክ፣ እንዲሁም መረጃውን አንድ ጊዜ ለማውረድ የሚበቃ ኢንተርኔት ነው። ከዚያ በኋላ ያለው ሥራ ሁሉ ያለ ኔትወርክ ይሠራል።

ወሰኑን ማስመር

መጀመሪያ የጉዞው ጥያቄ ይወሰን። «ጮቄን ማየት» ለካርታ ጥያቄ አይሆንም፤ «ከደብረ ማርቆስ በኩል ወጥቼ፣ ተረተሩን ተሻግሬ፣ አንድ ሌሊት አድሬ፣ በቢቸና በኩል መውረድ እችላለሁ ወይ?» የሚለው ግን ካርታ ሊመልሰው የሚችል ነው። ጥያቄው ሲለይ የሚሠራበትን ክልል ከታሰበው መስመር በግራና በቀኝ ቢያንስ 10 ኪሎ ሜትር አስፍተው ይከልሉ። ሰው ቢታመም ወይም ወንዝ ቢሞላ መኪና ወደሚደርስበት ቦታ የሚያወጣው መንገድ የሚገኘው ከመስመሩ ውጪ ነውና፣ ጠባብ ካርታ የያዘ ሰው መውጫውን አያየውም።

የከፍታ መረጃ አንድ ዲግሪ በአንድ ዲግሪ በሆኑ ሰሌዳዎች ተቆራርጦ ይቀመጣል፤ እያንዳንዱ ሰሌዳም በደቡብ ምዕራብ ማዕዘኑ ይጠራል። ሰሜን 10 ምሥራቅ 37 የሚባለው ሰሌዳ ደብረ ማርቆስንና ፍኖተ ሰላምን፣ ከእነርሱም ጋር የጮቄን ከፍታ ይይዛል። ደጀንና ቢቸና ከ38 ዲግሪ ምሥራቅ ወዲያ ስለሆኑ በሚቀጥለው ሰሌዳ ላይ ናቸው፤ ሞጣ ደግሞ ከ11 ዲግሪ በላይ ስለሆነች ሌላ ሰሌዳ ትፈልጋለች። ስለዚህ ለምሥራቅ ጎጃም ጉዞ ብዙውን ጊዜ ሁለት ወይም ሦስት ሰሌዳ አውርዶ ማጋጠም ግድ ይሆናል።

የከፍታ መረጃውን መምረጥ

ዲጂታል የከፍታ ሞዴል ማለት የአገሩን ገጽ እኩል በሆኑ ትንንሽ አራት ማዕዘኖች ከፍሎ ለእያንዳንዱ አንድ የከፍታ ቁጥር የሰጠ ሰንጠረዥ ነው። ለእኛ በነጻ ከሚገኙት ውስጥ ሁለቱን ማወቅ ይበቃል። አንደኛው ኤስአርቲኤም ነው፤ ኢንደቨር የተባለችው የጠፈር መንኮራኩር እ.ኤ.አ. በየካቲት 2000 በ11 ቀን ጉዞ በራዳር የለካችው ሲሆን፣ የአፍሪካው መረጃ እ.ኤ.አ. እስከ 2014 ድረስ በ90 ሜትር ጥራት ብቻ ሲሰጥ ቆይቶ ከዚያ ወዲህ በ30 ሜትር ተለቅቋል። ሁለተኛው የአውሮፓው ኮፐርኒከስ የ30 ሜትር ሞዴል ነው፤ መሠረቱ እ.ኤ.አ. ከ2011 እስከ 2015 በጀርመን የራዳር ሳተላይቶች የተሰበሰበ ልኬት ነው። እኔ ኮፐርኒከስን አስቀድማለሁ፤ በተራራማ አገር ላይ የሸንተረርና የሸለቆ ቅርጽ ጥርት ብሎ ይወጣበታል። ኤስአርቲኤም ደግሞ በጥልቅ ሸለቆ ውስጥ ራዳሩ ያልደረሰባቸው ባዶ ቦታዎች ነበሩት፤ እነዚህ ከሌላ ምንጭ ስለተሞሉ ገደል የነበረው ቦታ አንዳንዴ ለስላሳ ተዳፋት መስሎ ይታያል። ሁለቱም ኦፕን ቶፖግራፊ ከተባለው ድረ ገጽ፣ በካርታ ላይ አራት ማዕዘን በመሳል ብቻ ሊወርዱ ይችላሉ።

የ12.5 ሜትር ጥራት አለው እየተባለ ከአሎስ ፓልሳር የራዳር ምስል ጋር የሚሰጥ የከፍታ መረጃም አለ። ብዙ ሰው ቁጥሩ ስላነሰ የተሻለ ይመስለዋል። ነገር ግን ያ መረጃ በእኛ አካባቢ የ30 ሜትሩ ኤስአርቲኤም ራሱ ወደ ትንንሽ ክፍል ተቆራርጦ የቀረበ እንጂ አዲስ ልኬት አይደለም። በእርሱ ተማምኖ ገደል ላይ መስመር የሚስል ሰው ራሱን ያታልላል።

ሌላው ሊታወቅ የሚገባው ነገር ራዳር የሚለካው በአብዛኛው መሬቱን ሳይሆን ከላይ ያገኘውን መሆኑ ነው። የባሕር ዛፍ ተክል ባለበት ቦታ ሞዴሉ የዛፎቹን ራስ ከፍታ ይጨምራል፤ በአዊ በኩል በስፋት የሚተከለው የከሰል ግራርም እንዲሁ ነው። እነዚህ ዛፎች በየጊዜው ስለሚቆረጡና እንደገና ስለሚተከሉ በካርታው ላይ ያለ ትንሽ ጉብታ ዛሬ በቦታው ላይኖር ይችላል። የአብያተ ክርስቲያናት ደን ግን የተለየ ነው። በየኮረብታው ላይ ክብ ሆኖ የተጠበቀው ጥቁር አረንጓዴ ደን በሳተላይት ፎቶም በመሬትም ከሩቅ ስለሚለይ፣ በጎጃም ከእርሱ የበለጠ የታመነ የመንገድ ምልክት አላውቅም። በመስመርዎ ግራና ቀኝ ያሉትን ሁሉ በካርታው ላይ ነጥብ ያድርጉባቸው።

መረጃውን ወደ ሜትር መለወጥ

የወረደው ፋይል ቦታን የሚገልጸው በዲግሪ፣ ከፍታን የሚገልጸው ግን በሜትር ነው። በዚህ ሁኔታ ተዳፋት ቢሰላ ፕሮግራሙ አንዱን ዲግሪ እንደ አንድ ሜትር ቆጥሮ አገሩን ሁሉ ቀጥ ያለ ገደል ያደርገዋል። ስለዚህ ሰሌዳዎቹን ካጋጠሙ በኋላ በኪውጂአይኤስ የራስተር ዝርዝር ውስጥ ባለው የፕሮጀክሽን መለወጫ ወደ ዩቲኤም (ቦታን በሜትር ወደሚገልጸው የካርታ ልኬት) ዞን 37 ሰሜን ይቀይሩ፤ የመለያ ቁጥሩ ኢፒኤስጂ 32637 ነው። ይህ ዞን ከ36 እስከ 42 ዲግሪ ምሥራቅ ያለውን ስለሚሸፍን ከምሥራቅ ጎጃም እስከ ዳንግላ ያለው አገር ሁሉ በውስጡ ነው። በቅየራው ጊዜ የአሰላል ዘዴው «ቢሊኒየር» ወይም «ኪዩቢክ» ይሁን፤ በነባሪነት የሚመጣው «የቅርቡ ጎረቤት» ዘዴ ከተተወ ካርታው ላይ እንደ ማረሻ ትልም ያሉ የሐሰት መስመሮች ይወጣሉ፤ እነርሱም በጥላ ካርታ ላይ እርከን ይመስላሉ።

አራቱ ሽፋኖች

ከዚህ አንድ ፋይል አራት ሽፋን ይወጣል። የመጀመሪያው የጥላ ካርታ ነው። ፕሮግራሙ ፀሐይን በሰሜን ምዕራብ በ315 ዲግሪ፣ ከአድማስ በ45 ዲግሪ ከፍታ ላይ አስቀምጦ ጥላ ይጥላል። ችግሩ ከሰሜን ምዕራብ ወደ ደቡብ ምሥራቅ የተዘረጋ ሸንተረር ብርሃኑ በርዝመቱ ስለሚሄድበት ሊጠፋ መቻሉ ነው። ከጮቄ ሸንተረሮች በየአቅጣጫው እንደ ጃንጥላ ዘንግ ስለሚወጡ ከእነርሱ አንዱ ሁልጊዜ ይደበቃል፤ ስለዚህ ከብዙ አቅጣጫ የሚያበራውን አማራጭ ይምረጡ።

ሁለተኛው የከፍታ ቀለም ነው። ፕሮግራሙ የሚያቀርበውን ዝግጁ ቀለም ትቼ በአገራችን የአየር ንብረት ክፍፍል መሠረት እቀባዋለሁ፦ ከ500 እስከ 1,500 ሜትር ቆላ፣ እስከ 2,300 ወይና ደጋ፣ እስከ 3,200 ደጋ፣ ከዚያ በላይ ውርጭ። ይህ ቀለም ስለ ልብስ፣ ስለ ውሃና ስለ ወባ መከላከያ በአንድ እይታ ይናገራል። ከደጀን አፋፍ ወደ ዓባይ የሚወርድ ሰው በአንድ ቁልቁለት ከደጋ ጠርዝ ተነሥቶ ቆላ ይገባል። ከ4,000 ሜትር በላይ በሚደርሰው ጮቄ ላይ ደግሞ ጅብራና አስታ ባለበት ከፍታ ድንኳን የሚተክል ሰው የውርጭ ሌሊት እንደሚጠብቀው ከቀለሙ ብቻ ያውቃል።

ሦስተኛው የእኩል ከፍታ መስመር፣ ማለትም ኮንቱር ነው። በጮቄ ላይ 20 ሜትር ክፍተት ይበቃል። ከዚያ በታች ያለው፣ ለምሳሌ በ5 ሜትር የሚወጣው መስመር፣ የመረጃውን ስሕተት እንጂ የመሬቱን ቅርጽ አያሳይም። በዓባይ ሸለቆ ውስጥ ግን በ20 ሜትር ክፍተት እንኳ መስመሩ ይበዛል፤ 35 ዲግሪ በሆነ ተዳፋት ላይ ሁለት መስመሮች በ29 ሜትር ገደማ ብቻ ይራራቃሉ፣ ይህም ከአንዱ ፒክሰል፣ ማለትም ከመረጃው አንድ ትንሽ አራት ማዕዘን፣ ስፋት ያንሳል። በዚያ 40 ሜትር ያድርጉትና በየ200 ሜትሩ ያለውን መስመር ያወፍሩት።

አራተኛው የተዳፋት ሽፋን ነው። እስከ 15 ዲግሪ ያለውን ሳይቀቡ ይተዉት፣ ከ15 እስከ 25 ቢጫ፣ ከ25 እስከ 35 ብርቱካናማ፣ ከዚያ በላይ ቀይ ያድርጉት። ይህ ሽፋን በጣም ጠቃሚ፣ በጣም አሳሳችም ነው።

ገደል በካርታ ላይ ለምን ይጠፋል?

ፕሮግራሙ የአንድን ፒክሰል ተዳፋት የሚያሰላው በዙሪያው ያሉትን ስምንት ፒክሰሎች አይቶ ነው። በ30 ሜትር መረጃ ይህ ማለት በግራና በቀኝ ያለውን የከፍታ ልዩነት በ60 ሜትር ያካፍላል ማለት ነው። አሁን በሁለት ሜዳማ እርከኖች መካከል 25 ሜትር ቁመት ያለው ቀጥ ያለ የድንጋይ ገደል ቢኖር፣ ስሌቱ 25ን ለ60 ያካፍልና 23 ዲግሪ ገደማ ይሰጣል። ይህም በካርታችን ላይ ቢጫ ነው፤ በቅሎ የሚያስኬድ ዳገት ማለት ነው። በመሬት ላይ ግን ያለ ገመድ የማይወረድ ግድግዳ ነው።

የዓባይና የገባሮቹ ሸለቆ ደግሞ የተሠራው በዚህ መልክ ነው። ከላይ የባዛልት ድርብርብ ንጣፍ አለ፤ ከሥሩ የኖራ ድንጋይ፣ ዝቅ ሲልም የአሸዋ ድንጋይ ይመጣል። ጠንካራው ንጣፍ ገደል ሆኖ ሲቆም ለስላሳው ተንዶ ተዳፋት ይሆናል። ሸለቆው እንደ ደረጃ ይወርዳል፤ ሞዴሉ ግን ደረጃውን ፍቆ እንደ ተንሸራታች ያሳየዋል።

ይህን የተማርሁት በእግሬ ነው። ከጥቂት ዓመታት በፊት በምሥራቅ ጎጃም ከአንድ የዓባይ ገባር አፋፍ ላይ ቢጫ ቀለም ተከትዬ የሳልሁት መስመር ነበረኝ። ጠዋት ጠርዙ ላይ ስደርስ ከእግሬ ሥር ያለው የባሕር ዛፍ ቁመት የሚያህል ጥቁር ግድግዳ ነበር። አጠገቡ ከብት የሚጠብቁ አንድ ሽማግሌ አገኘሁና «አባቴ፣ እንደምን አደሩ፤ በዚህ በኩል ወደ ወንዙ ያስወርዳል?» አልኋቸው። «እግዚአብሔር ይመስገን። ኧረ ልጄ፣ በዚህስ ዝንጀሮም ዞሮ ነው የሚወርድ፤ መውረጃው ከዚያች ወይራ ወዲያ ነው» አሉኝ። ወይራዋ ከቆምሁበት 700 ሜትር ያህል ትርቃለች። መውረጃው በግድግዳው መካከል የተሰነጠቀ፣ ሁለት አህያ ጎን ለጎን የማያሳልፍ ጉሮሮ ነው፤ ድንጋዮቹ በሰኮና ተፈትገው አብረቅርቀዋል፣ በየማጠፊያው የፈረሰውን በካብ ደግፈውታል። ማታ ካርታውን ከፍቼ ያንን ቦታ ፈለግሁ። ከግራና ከቀኙ በምንም አይለይም፤ ያው ቢጫ ነው።

ከዚያ ወዲህ የአፋፍ መስመር ስሠራ ሦስት ነገር ሳላደርግ አልወጣም። አንደኛ፣ በኪውጂአይኤስ ውስጥ ከ3.26 እትም ጀምሮ ባለው የከፍታ ጎን-ገጽ መሣሪያ አፋፉን ቀጥ አድርጌ በብዙ ቦታ እቆርጠዋለሁ። መስመሩ በአንድ ፒክሰል ርቀት ውስጥ 15 ሜትር ወይም ከዚያ በላይ ከወረደ፣ ቀለሙ ምንም ይሁን፣ ገደል ብዬ አሰምርበታለሁ። ሁለተኛ፣ የሳተላይት ፎቶ ላይ ጥላ እፈልጋለሁ። እዚህ ላይ ጥንቃቄ ያስፈልጋል፦ ደመና የሌለባቸው ፎቶዎች አብዛኛዎቹ ከኅዳር እስከ የካቲት ያሉ ናቸው፤ እንደ ሴንቲኔል 2 ያሉ ሳተላይቶች የሚያልፉት ከጠዋቱ 4 ሰዓት ተኩል ገደማ ሲሆን በዚያ ወራትና ሰዓት ፀሐይ በደቡብ ምሥራቅ ናት። ጥላ የሚጥለው ወደ ሰሜንና ወደ ምዕራብ የሚያየው ገደል ነው። በደጀን በኩል ግን የጎጃም ወገን ግድግዳ ወደ ደቡብ የሚያይ ስለሆነ ፀሐይ ፊት ለፊት ትመታዋለች፤ ገደሉ ጥላ የለውም፣ እንደ ቀጭን ጥርት ያለ ቅርፊት ብቻ ይታያል። ማዶ የሸዋው ወገን ጥቁር ጥላ ስላለው አስፈሪ ይመስላል፣ የእኛው ደግሞ የዋህ ይመስላል፤ ሁለቱም ግን ገደል ናቸው።

ሦስተኛውና ዋነኛው የሰውን መንገድ ማንበብ ነው። በጉግል ኧርዝ ከፍተኛ ጥራት ያለው ፎቶ ላይ የእግር መንገድ እንደ ነጣ ያለ ክር ይታያል። ከአፋፉ በላይ ያሉት ክሮች ከየመንደሩና ከየማሳው ተነሥተው ወደ አንድ ነጥብ ከተሰበሰቡ፣ ከነጥቡም በታች ክሩ እየተጣመመ ሲወርድ ከታየ፣ ያ ነጥብ መውረጃ ነው። ክሮቹ ጠርዝ ላይ ደርሰው የሚቆሙ ወይም በጠርዙ ላይ ተኝተው የሚሄዱ ከሆነ የከብት ግጦሽ መንገድ ናቸው፤ አያወርዱም። ለዘመናት ገበያ የወጣና ከብት ያጠጣ ሰው እግር የሠራው ካርታ ከራዳሩ ይበልጣል።

ውሃውና ወቅቱ

ሙጋ፣ ሱሃ፣ ጨሞጋ፣ ተምጫ፤ እነዚህ ሁሉ ከጮቄ ተነሥተው በየፊናቸው ሄደው በመጨረሻ ለዓባይ የሚገብሩ ወንዞች ናቸው። በኪውጂአይኤስ ባሉት የውሃ ፍሰት መሣሪያዎች መጀመሪያ የሐሰት ጉድጓዶችን ሞልተው፣ ከዚያ የፍሰት አቅጣጫን አስልተው የእያንዳንዱን ወንዝ ተፋሰስ ወሰን ያውጡ። ይህን ወሰን በደማቅ መስመር ሥለው ወደ ስልክዎ ያስገቡት። በጉም ውስጥ ተረተሩ ላይ ሲሄዱ ማወቅ የሚያስፈልገው ነገር አንድ ነው፤ ከወሰኑ በየትኛው ወገን እንዳሉ።

ካርታው የወንዝ ጥልቀትም ሆነ ኃይል አያውቅም። በጥር ድንጋይ እየረገጡ የሚሻገሩት ወንዝ በነሐሴ ሰውና ከብት ይወስዳል፤ ሰማዩ ጥርት ባለበት ቦታ እንኳ ከላይ ጮቄ ላይ የዘነበው ከሰዓታት በኋላ በድንገት ይደርሳል። ከሰኔ እስከ መስከረም ድልድይ በሌለበት ቦታ መሻገርን የሚጠይቅ መስመር አይሣሉ። ድልድይ በካርታ ላይ ስላለም ብቻ አይመኑ፤ በሞጣ በኩል ያለው ጥንታዊ የዓባይ ድልድይ ሰባራ ድልድይ የሚል ስም ያገኘው መካከሉ ተሰብሮ ስለነበረ ነው። በዓባይ ዳርቻ በበጋም ቢሆን ለመዋኘት አይውረዱ፤ አዞ አለበት።

መስመሩን መሣልና ሰዓቱን መተመን

አሁን መስመሩን ይሣሉ። ከጅረት ይልቅ ሸንተረር ይምረጡ፤ ሸንተረር እይታ ይሰጣል፣ ጅረት ግን ፏፏቴ ላይ ያደርሳል። መስመሩን በአንድ ሰዓት ጉዞ ልክ ይቆራርጡትና በየመቁረጫው ላይ በዓይን የሚለይ ምልክት ያስቀምጡ፦ የቤተ ክርስቲያን ደን፣ የወንዝ መገናኛ፣ በሁለት ኮረብታ መካከል ያለ በር።

ለሰዓት ግምት ስኮትላንዳዊው ዊልያም ኔይስሚዝ እ.ኤ.አ. በ1892 ያወጣው ቀላል ልክ እስከ ዛሬ ያገለግላል፦ ለየ5 ኪሎ ሜትሩ አንድ ሰዓት፣ በዚያ ላይ ለየ600 ሜትር ሽቅብ አንድ ሰዓት ይጨመራል። 14 ኪሎ ሜትርና 900 ሜትር ሽቅብ ያለው ቀን 2.8 ሲደመር 1.5፣ ማለትም 4 ሰዓት ከ18 ደቂቃ ይሆናል። ቁልቁል ሲሆን ተዳፋቱ ከ12 ዲግሪ ካለፈ ለየ300 ሜትሩ 10 ደቂቃ ይጨምሩ፤ ወደ ዓባይ 1,200 ሜትር መውረድ 40 ደቂቃ ይጨምራል ማለት ነው። ይህ ልክ የተሠራው ለዝቅተኛና ቀዝቃዛ አገር ነው። ከ3,500 ሜትር በላይ አየሩ ስለሚሳሳ፣ በቆላም ሙቀቱ ስለሚያደክም፣ ለሁለቱም ከተገኘው ሰዓት ላይ ሲሶውን መጨመር የእኔ ልማድ ነው። ከሸለቆ የሚወጣ ሰው ጠዋት ሲወርድ ትኩስ ጉልበት ነበረው፤ ሽቅቡን የሚጀምረው ግን ደክሞና በቀትር ነውና የመመለሻው ሰዓት ለብቻው ይሰላ። በእኛ አገር ፀሐይ ከምሽቱ 12 ሰዓት ተኩል ገደማ ትጠልቅና ቶሎ ይጨልማል። ቀኑ ከጠዋቱ 12 ሰዓት ተጀምሮ እስከ 10 ሰዓት ካላለቀ መስመሩን ያሳጥሩ።

የቆየ የወረቀት ካርታ ካለዎት

ቀድሞ የኢትዮጵያ ካርታ ሥራዎች ድርጅት ያሳተማቸው የ1 ለ50,000 ካርታዎች አንድ ሴንቲ ሜትራቸው 500 ሜትር ነው። የመንደርና የቦታ ስም ሀብታቸው በየትኛውም ዲጂታል ካርታ ላይ አይገኝም፤ ያገኘ ሰው ይጠብቃቸው። ነገር ግን የተሠሩት አዲንዳን በተባለው የቅየሳ መሠረት ላይ ሲሆን ጂፒኤስ የሚጠቀመው ደብሊውጂኤስ 84ን ነው። የአንድ ቦታ የዩቲኤም ቁጥር በሁለቱ መካከል ወደ ሰሜን 200 ሜትር፣ ወደ ምሥራቅ 90 ሜትር ገደማ ይለያያል። ከወረቀቱ ያነበቡትን ቁጥር ሳይለውጡ ስልክ ላይ ቢያስገቡ ወደ ደቡብ ምዕራብ ከ200 ሜትር በላይ ይስታሉ፤ ይህ በሜዳ ላይ ምንም አይደለም፣ አፋፍ ላይ ግን ከመውረጃው ወደ ገደሉ የሚያደርስ ርቀት ነው። ካርታውን ስካን አድርገው በኪውጂአይኤስ ሲያስተካክሉ መለያውን ኢፒኤስጂ 20137 ካሉት ፕሮግራሙ ልዩነቱን ራሱ ይለውጠዋል።

ወደ ስልክና ወደ ወረቀት

መስመሩንና ነጥቦቹን በጂፒኤክስ ፋይል ያውጡ፤ ኦስማንድን ጨምሮ አብዛኞቹ የጉዞ መተግበሪያዎች ያነቡታል። የጥላውን፣ የኮንቱሩንና የገደል ምልክቱን ሽፋን አንድ ላይ በጂኦፒዲኤፍ (የቦታ ልኬት ባለው ፒዲኤፍ) አውጥተው እንደ አቬንዛ ማፕስ ባለ መተግበሪያ ከከፈቱት ያሉበትን ቦታ በራስዎ ካርታ ላይ ያሳይዎታል። ከመነሣትዎ በፊት ስልኩን ኤሮፕሌን ሞድ ላይ አድርገው ሁሉም መከፈቱን ይፈትሹ፤ ጂፒኤስ ያለ ኔትወርክ ይሠራል፣ የመጀመሪያውን ቦታ ለመያዝ ግን ጥቂት ደቂቃና ክፍት ሰማይ ይፈልጋል። በጠባብ ሸለቆ ውስጥ ምልክቱ ከግድግዳ እየነጠረ ስለሚመጣ በአሥር የሚቆጠሩ ሜትሮች ሊስት ይችላል። ጮቄ ላይ ሲያድሩ ስልኩንና ፓወር ባንኩን ከልብስዎ ሥር ይዘው ይተኙ፤ ብርድ ባትሪ ይጨርሳል።

ካርታውን በወረቀትም ያትሙት፤ ከኮምፓስ ጋር ይያዙት። በጎጃም የኮምፓስ መርፌ ከእውነተኛው ሰሜን ሦስት ዲግሪ ገደማ ወደ ምሥራቅ ያዘነብላል። ይህ ካልታረመ በ5 ኪሎ ሜትር ጉዞ ላይ 260 ሜትር ያህል ያስታል።

አገሩን የሚያውቀውን መጠየቅ

ካርታው ካለቀ በኋላ፣ ጉዞው ከመጀመሩ በፊት፣ የአካባቢውን ሰው መጠየቅ ከሥራው አንዱ ደረጃ ነው። በመጀመሪያ የጸጥታው ሁኔታና መንገዱ ክፍት መሆኑ ይጠየቅ፤ የቀበሌው አስተዳደርና የአገር ሽማግሌዎች ሳያውቁ አይግቡ። ስለ መንገዱ ሲጠይቁ «ወደ ወንዙ ያስኬዳል?» ካሉ ብዙ ሰው እንግዳን ላለማሳዘን አዎ ይላል። «የተጫነ አህያ በየት ይወርዳል? ገበያ የሚወጣው በየት ነው? በክረምትስ በየት ትሻገራላችሁ?» ብለው ይጠይቁ። አህያ የሚወርድበት መንገድ ሰውንም ያወርዳል፤ እረኛ ልጅ ብቻ የሚወርድበት ግን ሸክም ላለው ሰው አይሆንም። ስልኩን አያሳዩ፤ ይልቅ ከሰውየው ጋር ጠርዙ ላይ ቆመው በእጁ ያመልክትዎ፣ እርስዎ በካርታው ላይ ነጥብ ያድርጉ፣ የቦታውንም ስም በአማርኛ እንደነገሩዎት ይጻፉ።

ከጉዞው ሲመለሱ የስልኩን የጉዞ ዱካ በኪውጂአይኤስ ከፍተው በተዳፋት ሽፋኑ ላይ ያስቀምጡት። ዱካው የዞረበትን ቦታ ሁሉ ይመርምሩ፤ ለምን ዞሩ? ገደል ከነበረ በቀይ መስመር ያስምሩት፣ መውረጃውንም ከነስሙ፣ አህያ ያስወርድ እንደሆነም ጨምረው ይመዝግቡት። መውረጃዎቹንና የእግር መንገዶቹን ኦፕን ስትሪት ማፕ ላይ ቢያስገቡ በሚቀጥለው ጊዜ እዚያ አፋፍ ላይ የሚደርሰው ሰው ወይራዋን ፍለጋ 700 ሜትር አይንከራተትም።